ከበር ጀርባ ያለችው ጣሳ

አርብ ገበያ፤ ጥቅምት 9 ቀን 2017 ዓ.ም.

ይድረስ ለአጎቴ የልጅ ልጅ ለአንተነህ። በሰው አገር ያለህበትን ቤት እመቤታችን ትጠብቅልህ፤ ከክፉ ዓይን ትሰውርህ። እኔ ካሣነሽ፣ እናትህ እትዬ ላቀች፣ ወንድምህ አበባው፣ እህትህ ህይወት፣ ሁላችንም ደኅና ነን። ገብሱም ደርሷል፤ ውርጭ ካልቀደመን።

ኧረ አንተ ልጅ፣ መጻሕፍቱ ደረሱ! ስልኩ ከጠፋ ወዲህ ከውጭ የሚመጣ ነገር ሁሉ ተአምር ሆኗል። ረዳቱ ካርቶኑን ከመኪናው ሲያወርድልኝ ገበያው መሀል እልል አልኩ። «ካሣነሽ ወለደች እንዴ?» አሉ። በአርባ ስምንት ዓመቴ! «አዎ፣ መንታ» አልኳቸው። ሁለት ናቸዋ!

የትምህርት ቤቱን ቤተ መጻሕፍት ከያዝኩ አሥራ አራት ዓመቴ ነው፤ እንዲህ ያለ መጽሐፍ ግን መደርደሪያዬ ላይ ተቀምጦ አያውቅም። ቀጭኑን ልብ ወለድ መዝገበ ቃላት ይዤ በሁለት ሳምንት ጨረስኩት። የስደተኛውን ዳቦ ቤት የሚያቃጥሉት ጎረቤቶቹ ናቸው። የሚተርክልን የተቃጠለበት ሰው መስሎኝ ሳዝንለት ቆይቼ፣ ለካ ጋዙን የተሸከመው ሰውዬ ነው! «ጀሪካኑ ከባድ ነበር» ይላል፣ እንድናዝንለት። መጽሐፉን ወረወርኩት። ከዚያ አቧራውን ጠርጌ ቀጠልኩ፤ ምን ላድርግ፣ ጣፈጠኝ።

ወፍራሙ ጥናት ከሁሉም በለጠብኝ። መጨረሻው ላይ አጥኚዎቹ ቤት ለቤት የጠየቁት ጥያቄ ተዘርዝሯል። «የውጭ አገር ሰው ጎረቤትህ ቢሆን ትፈቅዳለህ? ከአንድ ገበታ ትበላለህ? ልጅህን ትድርለታለህ?» እኔም ልሞክረው አልኩ። ለአርብ ገበያ ግን የውጭ አገር ሰው ከየት ይምጣ? ስለዚህ «የውጭ አገር ሰው» የሚለውን ሰርዤ «ጠይብ» ብዬ ጻፍኩበት። ሁለት ቤት ብቻ ልጠይቅ፣ ለማወቅ ያህል።

ጥበቡ ቀጥቃጩን ታስታውሰዋለህ፣ ማረሻችሁን ሲያሾል የኖረውን። ልጁ እሱባለው አንደኛ አንባቢዬ ሆኗል። እህትህም ከመጽሐፍ አትጠፋም። ሌላ መጽሐፍ ካገኘህ አትርሳኝ።

ካሣነሽ

*

ደቡብ አፍሪካ፤ ኅዳር 20 ቀን 2017

ለተከበሩ እትዬ ካሣነሽ፤ ከእግር ጥፍርዎ እስከ ራስ ጠጉርዎ ሰላም ይሁኑልኝ።

በደብዳቤዎ ሳቅሁ፤ ለደምሌም አነበብኩለት። ደምሌ ሱቁን አብሮኝ የሚሠራው የእስቴ ልጅ ነው፤ «እኚህ ሴትዮ በእስቴ ቢያልፉ ጨዋታቸውን ጠግቦ ማን ይለቃቸው ነበር» አለ። መጻሕፍቱን የሰጡኝ ጡረታ የወጡ መምህርት ናቸው፤ የሱቃችን ግድግዳ ከግቢያቸው ጋር የተያያዘ ነው። «አንብበው፣ ስለ እናንተ ነው» አሉኝ። እኔ እንኳ አላነበብኩትም፤ የምኖርበትን ለምን አነባለሁ?

እዚህ ጥቁር ሕዝብ የሚኖርበትን ሰፈር ሎኬሽን እንለዋለን። ሱቃችን በብረት ፍርግርግ የታጠረ ነው፤ ዳቦውን በፍርግርጉ እናቀብላለን፣ ገንዘቡን በፍርግርጉ እንቀበላለን። «ክዌሬክዌሬ» ይሉናል። ቋንቋችን እንደ ወፍ ጩኸት ነው ማለት ነው አሉ። ሰላምታ የሚሰጡኝም ይሉኛል፣ የሚሰድቡኝም ይሉኛል፤ ለይቼ መስማት ትቻለሁ።

እትዬ፣ ጥያቄውን ግን ቢተዉት ይሻላል። ጠይብን ከስደተኛ ጋር ምን አገናኘው? እኛ ሠርተን እንበላለን እንጂ ሰው አንበላም።

እናቴን ጉልበት ይሳሙልኝ።

አንተነህ

*

አርብ ገበያ፤ ጥር 14 ቀን 2017

ይድረስ ለአንተነህ፤ የጥምቀቱ ባለቤት በረከቱን ያድርስህ።

ሁለት ቤት ያልኩህ ሃያ ሦስት ቤት ሆነ! ደብተሬ ሞላ። አንዱን ገበሬ «ጠይብ ጎረቤትህ ቢሆን?» ብለው፣ «ማረሻዬ ሲዶለዱም ይቅረበኝ፣ ልጄ ሲወለድ ይራቀኝ» አለኝ። አንዷን «ከአንድ ገበታ ትበያለሽ?» ብላት፣ «እሱ እኔን ካልበላኝ ነዋ!» ብላ ሳቀች። እኔም አብሬያት ሳቅሁ። ሳቄንም ደብተሩ ላይ ጻፍኩት፤ ጥናቱ «ምንም እንዳትደብቁ» ይላላ።

ከዚያ እናንተ ቤት ደረስኩ። እትዬ ላቀች ገበታውን ስጠይቃቸው በሩን ገፋ አድርገው ከጀርባው ምስማር ላይ የተንጠለጠለችውን ጣሳ አሳዩኝ። ጥበቡ ሲመጣ ጠላ የሚሰጡት በእሷ ነው፤ ማንም አይነካት። «የራሱ አለው፤ ምን በደልነው?» አሉ። ሦስተኛውን ጥያቄ አነሣሁ። «ልጅዎን ይድሩለታል?» አልኳቸው፤ ሊስቁ ነበር። ህይወት ከወፍጮ የመጣውን ዱቄት እየነፋች ከጓዳ፣

«ለእኔ ጻፊው እትዬ ካሣነሽ። እኔ አገባዋለሁ» አለች።

«ማንን ነው የምታገቢው?» አልኳት።

«እሱባለውን። ሁለት ዓመታችን ነው። ያገናኘሽን አንቺ ነሽ፤ መደርደሪያሽ ሥር እየተቀመጥን አይደል ያነበብነው?»

እናትህ «አጠፋሽኝ ካሣነሽ!» አሉ። አበባው ከደጅ ገባና በጥፊ መታት፤ ከንፈሯ ተሰንጥቆ ደሙ ዱቄቱ ላይ ተንጠባጠበ። ሁለተኛ ሊመታት ሲል መሀል ገባሁ፤ ለእኔም ደረሰኝ።

ሽማግሌ ተቀመጠ። አባት ስለሌላት ታላቅ ወንድሟ ቃሉን ይስጥ ተባለ። ስልክ ቢሠራም በስልክ አይሆንም፤ «ስልክ ወሬ ነው፣ ደብዳቤ ቃል ነው» አሉ። እንግዲህ ያንተን ቃል እየጠበቅን ነው። ልጅቱን አስባት። እኔ በበኩሌ፣ እንዲያው ልቤን ብትጠይቀኝ፣ ደስ ብሎኛል። ሁለቱም አንባቢዎቼ ናቸው።

ካሣነሽ

*

የካቲት 21 ቀን 2017

ለእትዬ ካሣነሽ፤ ጤና ይስጥልኝ።

ስለ ሱቁ የሚጻፍ የለም። ሦስት ቀን ዘግተን ነበር፤ አሁን ከፍተናል።

ለሽማግሌዎቹ እንዲነበብ ቃሌ ይህ ነው። የአባቴ አጥንት ከቡዳ ዘር ጋር አይቀላቀልም። እኔ በሰው አገር ክብሬ ተረግጦ የምኖረው ቤቴ ክብሩን ይዞ እንዲቆየኝ ነው። ጥበቡ ልጁን ይያዝ፤ አልይዝም ካለ ወናፉን ተሸክሞ ከአገራችን ይውጣ። አበባው ወንድ ከሆነ ይህን ያስፈጽም።

ለእርስዎ፦ እባክዎን ደብተሩን ያቃጥሉት።

አንተነህ

*

አርብ ገበያ፤ ሚያዝያ 15 ቀን 2017

አንተነህ፤ የትንሣኤው ጌታ ሁላችንንም ይማረን።

ብዕሬ አልታዘዝ ብሎኝ ሦስት ጊዜ ጀምሬ ቀድጃለሁ። አባቴ የአጥቢያው ደብዳቤ አንባቢ እንደነበር ታውቃለህ። «ደብዳቤ አይቆረጥም፣ የሰው ቃል አደራ ነው» ይል ነበር። እኔም አልቆረጥኩም። ግቢያችሁ ውስጥ አርባ ሰው ተሰብስቦ፣ ቆሜ፣ ድምፄን ከፍ አድርጌ አነበብኩት። ጥሩ አድርጌ ነበር ያነበብኩት፣ ይቅር ይበለኝ። «ወናፉን ተሸክሞ» የምትለው ላይ ስደርስ «ድገሚው!» አሉኝ። ደገምኩት።

በዘጠነኛው ቀን ህይወት ትኩሳት ያዛት። አንደበቷ ተሳሰረ፣ ዓይኗ ተገለበጠ። «በሏት!» ተባለ። አጋድመው በርበሬ አጨሱባት። ሁለቱን እጇን አበባው ያዘ፤ እግሯን የያዘው ማን እንደሆነ ልንገርህ? እኔ ነኝ። አሥራ ሁለተኛ ክፍል የጨረስኩት፣ ጥናት ያነበብኩት፣ እኔ። እያሳላት፣ እያስታወካት፣ በጭራሮ እየሸነቆጧት «ማን በላሽ? ስሙን ጥሪ!» ይሏታል።

«እሱባለው» አለች።

እየጠራችው እኮ ነበር። እንዲያድናት ነው የጠራችው። ሰው ሲጨንቀው የሚወደውን ይጠራል፤ እኔ እግሯን እንደያዝኩ ይህን አውቄዋለሁ። አፌን ግን አልከፈትኩም። አበባው «እህ! ለፈለፈች!» ብሎ ተነሣ፤ ጎረምሳው ሁሉ ተከተለው።

ቀን ነበር፣ ጠራራ ፀሐይ። የጥበቡን ወናፍ በቢላ ዘነጠሉት፤ ሣር ክዳኑ ላይ እሳት ለቀቁበት። እሱባለውን ከዛፍ አስረው በማረሻ እጀታ ደበደቡት። ጥበቡን ጎትተው ቀኝ እጁን ብረት በሚቀጠቅጥበት መስፍ ላይ አስተኙት፤ አበባው የገዛ መዶሻውን አንሥቶ መታው። ሦስት ጊዜ። እኔ ደርሼ «ተው!» ስል ሦስተኛው ወርዷል። አበባው በእያንዳንዱ ምት ምን እያለ እንደነበር ታውቃለህ? ያንተን ቃል። ከእኔ አፍ የሰማውን። «ወናፍህን ተሸክመህ ከአገራችን ውጣ!»

ወጡ። ወደ ስማዳ በእግራቸው፤ እጁን በነጠላ ጠቅልሎ፣ ሚስቱ የቀረውን ብረት ተሸክማ።

ህይወትን ጤና ጣቢያ ወሰድኳት። ታይፎይድ ነው፤ ክኒን ሰጧት፣ በሁለት ሳምንት ተነሣች። እኛን ግን አታናግርም። ውሃ ስሰጣት ትቀበላለች፣ ፊቴን አታይም።

የዚያን ልብ ወለድ ሰውዬ አስታወስኩት። እውነቱን ነው፣ ጀሪካኑ ከባድ ነው። አሁን መጽሐፍ አልጠይቅህም። ሌላ ደብዳቤ ጻፍ፤ እሱን ነው የምጠይቅህ።

ካሣነሽ

*

ግንቦት 2 ቀን 2017

ለእትዬ ካሣነሽ፤ እግዚአብሔር ይመስገን፣ በሕይወት አለሁ።

ከጥር ወሩ ደብዳቤ በኋላ ከእርስዎ የደረሰኝ የለም። ደምሌ ሞቷል። ለእናቱ ወደ እስቴ ሰው ልኬያለሁ፤ እርስዎ ግን የሆነውን እንዲያውቁት ፈለግሁ፤ ደብተር የሚይዙ እርስዎ ብቻ ነዎት።

አንድ ሕፃን ታመመ። ከሱቃችን ብስኩት ገዝቶ ነበር አሉ። «የውጭ አገር ሰዎች ልጆቻችንን እየበሉ ነው» ተባለ። የካቲት ላይ ሦስት ቀን የዘጋነው ይህ ወሬ ተጀምሮ ነበር፤ ከዚያ በረደ ብለን ከፈትን። ሐሙስ ረፋድ ላይ መጡ። የማላውቀው ፊት አልነበረም። በየጠዋቱ ዳቦ የማቀብላት ሴት ድንጋይ ይዛለች። ፀጉሬን የሚያስተካክለኝ ልጅ ጀሪካን ይዟል። «ዕቃችሁን ተሸክማችሁ ከአገራችን ውጡ!» ይላሉ። ውጡ ይላሉ እንጂ መውጫው በር ላይ የቆሙት እነሱ ናቸው።

እኔ በጣሪያው ወጣሁ። ደምሌ ተከትሎኝ ነበር፤ እግሩን ከታች ያዙት። እጄን ሰጠሁት፣ ያዘኝ፣ ከዚያ ለቀቀኝ። እኔ ለቅቄው እንደሆነም አላውቅም። ወደ ውስጥ ጥለው በሩን ቆለፉበት፣ ጋዙን ረጩ። ፍርግርጉን ሁለት ዓመት ቆጥበን ያሠራነው እንዳይገቡብን ነበር። በፍርግርጉ እጁን አውጥቶ አየሁት፣ ዳቦ እንደሚያቀብል ሰው። ስማቸውን እየጠራ ይለምናቸው ነበር፤ የሁሉንም ስም ያውቃል። አንድም ሰው አልመለሰለትም። ሲጮህ ቆየ፤ ከዚያ ዝም አለ።

እኔ መምህርቷ ግቢ ውሃ ማጠራቀሚያው ውስጥ እስከ አንገቴ ተነክሬ ተቀመጥኩ። መምህርቷ «እዚህ ማንም የለም» ብለው በራቸው ላይ ቆሙ፤ በድንጋይ ግንባራቸውን ፈነከቷቸው፣ ግን አልተነቃነቁም።

ሕፃኑ ድኗል። ተራ ትኩሳት ነበር።

ስለ ህይወት አይጠይቁኝ። ያልኩትን ብያለሁ፤ አሁን ሌላ ማሰብ አልችልም።

አንተነህ

*

አርብ ገበያ፤ ሰኔ 24 ቀን 2017

ይድረስ ለአንተነህ፤ በውሃው ውስጥ ለሰወረህ ምስጋና ይግባው። ለደምሌ ነፍስ ይማርልን፤ ተዝካሩን አውጥተናል።

በመጀመሪያ ልናዘዝ። ደብዳቤህን ቆረጥኩት። ቆርጬም አልቀረሁ፣ ቀጠልኩበት።

ዝናቡ ገባ። ማረሻው ሁሉ ዶልዱሟል፤ በሬው ይጎትታል፣ መሬቱ ይቧጠጣል እንጂ አይታረስም። ንፋስ መውጫ ድረስ ወስደው የሚያሾልላቸው አጡ፤ ወረፋው ብዙ ነው። «ይራቀኝ» ያለኝ ያ ገበሬ እየመጣ «ካሣነሽ፣ ጥበቡ የት ነው ያለው?» ይለኛል። አቤት ሳቄ! የምሬት ሳቅ ነው፣ ግን ሳቅ ነው። በመጨረሻ አምስት ሽማግሌ ስማዳ ድረስ ሄዶ ለመናቸው። አያ ጥበቡ ምን አሉ መሰለህ? «የወጣሁት በደብዳቤ ነው፣ የምገባም በደብዳቤ ነው። ያችው ሴት እዚያው ግቢ ታንብበው።»

ያንተ ደብዳቤ ሲደርሰኝ ሰዉ ተሰብስቦ ነበር። አያ ጥበቡ ከእሱባለው ጋር በሩ ላይ ቆመዋል፣ እጃቸው እንደ ደረቀ ሥር ተጣሞ። አንድ ጥግ ይዤ ብቻዬን አንብቤው ጨረስኩ። መጨረሻዋን መስመር ባነብ ተመልሰው ሊሄዱ ነው። ደብተሬን ያስታወስኩት ያኔ ነው፤ አንዱን ቃል ሰርዤ ሌላ የጻፍኩበትን።

ቆምኩና ማንበብ ጀመርኩ። «የውጭ አገር ሰዎች» የምትለውን «ቀጥቃጮች» እያልኩ። «ሱቃችን» የምትለውን «ወናፋችን»። «ደምሌ» የምትለውን «ጥበቡ»። «ልጆቻችንን እየበሉ ነው» የምትለውን ግን አልነካኋትም፤ መንካት አላስፈለጋትም። «የማላውቀው ፊት አልነበረም» ስል አንዱ መሬት መሬት ማየት ጀመረ። «የሁሉንም ስም ያውቃል» ስል እናትህ ነጠላቸውን አፋቸው ውስጥ ከተቱ። «ተራ ትኩሳት ነበር» ስል ህይወት ከጓዳ ወጥታ ከሁለት ወር በኋላ ለመጀመሪያ ጊዜ ፊቴን አየችኝ።

አበባው «ይሄ የአንተነህ ቃል አይደለም! ይሄ የእኛው ነው!» ብሎ ጮኸ።

«የማን እጅ ጽሑፍ ነው? ና እየው» አልኩት። አየው። ማንበብ ባይችልም የጽሑፍህን ቅርጽ ያውቀዋል። ቁጭ አለ።

መጨረሻው ላይ ያልጻፍከውን አነበብኩ፦ «እኔ አንተነህ፣ እህቴን ህይወትን ለእሱባለው ሰጥቻለሁ። ጥበቡ ወደ ቤታቸው ይግቡ።»

ገቡ። አሁን ብረቱን የሚመታው እሱባለው ነው፤ አያ ጥበቡ በግራ እጃቸው ወናፍ ይነፋሉ። አበባው ወናፉን እንዲተካ ተፈርዶበት ሁለት ፍየል አርዶ ቆዳውን ራሱ አለፋ። ገበያው «አበባው ፋቂ ሆነ!» እያለ ይስቅበታል፤ ሲሰድቡት ቀና አይልም። አያ ጥበቡ ወናፉን ተቀበሉት፤ እሱን ግን አላናገሩትም። «እጄ ዝናብ ሲመጣ ይነግረኛል፣ አልረሳም» አሉኝ። አይርሱ።

ሠርጉ ለጥቅምት ተቆርጧል። እንግዲህ ፍርዱ ያንተ ነው። «አላልኩም» ብለህ ከጻፍክ እሱንም ቆሜ አነበዋለሁ፤ አንድ ቃል አልቆርጥም።

ካሣነሽ

*

ነሐሴ 19 ቀን 2017

ለእትዬ ካሣነሽ፤ በእርስዎ ላይ የአባትዎ በረከት ይደር።

የሚያዝያውና የሰኔው ደብዳቤ አንድ ቀን ደረሱኝ። ሦስት ቀን ተናደድኩ፤ የመጀመሪያውን ቀን በእርስዎ ነበር። ሁለተኛውን ቀን በአበባው። በሦስተኛው ቀን መዶሻው የወረደበትን ገጽ ስደግመው ጸጉር አስተካካዩን ልጅ አየሁት፣ ጀሪካን ይዞ። የዚያን ልብ ወለድ ሌላ ቅጂ ከመምህርቷ ተውሼ አነበብኩት። ግንባራቸው ላይ ጠባሳ ወጥቷል። «ስለ እናንተ ነው አላልኩህም?» አሉኝ። ስለየትኛው «እናንተ» እንደሆነ አልጠየቅኋቸውም።

ከዚህ ጋር ሌላ ወረቀት አለ። እርስዎ ያነበቡትን ነው፣ ከ«ቀጥቃጮች» ጀምሮ እስከ መጨረሻው መስመር፣ በእጄ ገልብጬ ፈርሜበታለሁ። ቀኑን የግንቦቱን አድርጌዋለሁ። የድሮውን ይቅደዱትና ይህንን በቦታው ያስቀምጡ፤ ነገ ማንም ተነሥቶ አንባቢዋ ዋሸች እንዳይል።

ለጥቅምት አልደርስም። አያ ጥበቡን ይቅርታ ለመጠየቅ ወረቀት አይበቃም፤ እሳቸውም በደብዳቤ አይቀበሉኝ።

እናቴን ግን አንድ ነገር ይንገሩልኝ። በሠርጉ ቀን አያ ጥበቡ ከሰው ሁሉ ጋር በአንድ ዓይነት ዋንጫ ይጠጡ። ያችን ከበር ጀርባ ያለችውን ጣሳ ደግሞ እንዳትጥላት። አጥባ ምስማሯ ላይ መልሳ ትስቀላት፤ ስመጣ የምጠጣው በእሷ ነው።

አንተነህ